ኮንየርስ ላይ የቀረው ሲዲ

ይህን የምጽፈው አንድ ሰው የእኔን እውነት ሁለት ዓመት ያህል ይዞ ዝም ማለቱ በጽሑፍ እንዲቀር ነው። ልክ እንደነበርኩ ያውቅ ነበር። በየሳምንቱ ፊት ለፊት እንገናኝ ነበር። ሰዎች ሲስቁብኝ አጠገቤ ተቀምጦ ሻዩን ያማስል ነበር። አልሰረቀኝም፤ አልሰደበኝምም፤ ስለዚህ የምከስበት ቦታ የለም። ልጄም "እማዬ፣ ጌም እኮ ነው፣ ተይው በቃ" ትለኛለች። እኔ አልተውኩትም። ትምህርቴ ከአራተኛ ክፍል አላለፈም፤ የሆነውን ነገር በሆነበት ተራ መጻፍ ግን አያቅተኝም።

ቼዝ የተማርኩት ሻይ እያቀረብኩ ነው። አዲስ አበባ፣ በደርግ ጊዜ፣ የቀበሌያችን መዝናኛ ክበብ ውስጥ ተቀጥሬ ሻይና ዳቦ እሸጥ ነበር። የቼዝ ሰሌዳዎቹን የማስረክበውና የምረከበውም እኔ ነበርኩ። ሲወጣ ሠላሳ ሁለት ጠጠር ቆጥሬ እሰጣለሁ፤ ሲመለስ ሠላሳ ሁለት ቆጥሬ እቀበላለሁ። አንድ ወታደር ከጎደለ ማንም ወደ ቤቱ አይሄድም፤ ጎረምሶቹ እያጉረመረሙ ከወንበር ሥር ይፈልጋሉ። ካልተገኘ የለስላሳ ቆርኪ እተካበታለሁ፤ ያጠፋው ሰው ሌላ እስኪያመጣ ድረስ በቆርኪው የሚጫወተው እሱ ነው። "እትዬ፣ አንቺ እኮ ከሊቀመንበሩ ትብሻለሽ" ይሉኝ ነበር። ይበሉኝ። እኔ በነበርኩባቸው ዓመታት ከክበቡ የጠፋው ጠጠር ሦስት ብቻ ነው።

ቆሜ ሳይ ሳይ አካሄዱን ለመድኩት። ሰው ሲጎድላቸው ያስቀምጡኝ ጀመር፤ ቀስ በቀስም የሚያሸንፈኝ እያነሰ ሄደ። ከሁሉ በላይ ያስተማረኝ ሩሲያ ተምሮ የመጣ አንድ መቶ አለቃ ነው። አንድ ቀን ለእኔ ንጉሥና ሁለት ፈረስ ሰጠኝ፤ ለራሱ ንጉሥና አንድ ወታደር አስቀረና "በይ ግደይኝ" አለኝ።

"አይቻልም" አልኩት። ሁለት ፈረስ ብቻውን የቀረን ንጉሥ አስገድዶ ማት ማድረግ፣ ማለት መግደል፣ እንደማይችል ቼዝ የሚጫወት ሁሉ ያውቃል። ጥግ ድረስ ይነዱታል፤ ሊገድሉት አንድ እርምጃ ሲቀር መሄጃ ያጣል። ቼክ ሳይባል፣ ማለት ንጉሡን የሚያጠቃው ጠጠር ሳይኖር፣ መሄጃ ካጣ ደግሞ ጨዋታው አቻ ነው።

መቶ አለቃው ሳቀና አሳየኝ። ወዲያኛው ሰው አንድ ወታደር ካለው ነገሩ ሌላ ነው። በአንዱ ፈረስ የወታደሩን መንገድ ይዘጋሉ። በሌላው ፈረስና በንጉሡ የጠላትን ንጉሥ ጥግ ያስገባሉ። ከዚያ ወታደሩን ይለቁለታል። አሁን የሚሄድበት ስላለው አቻ ብሎ ማምለጥ አይችልም፤ ወታደሩን ለመግፋት ይገደዳል፤ ሲገፋ ማት ይሆናል። ያቺ የተረፈችው ወታደር ናት የምታስገድለው። "ወታደሩ ብዙ ሳይራመድ ከታገደ ነው ታዲያ" አለኝ። እስከ የትኛው ቤት ድረስ እንደሆነ ስጠይቀው ግን ረስቶታል።

መቶ አለቃው ወደ ሰሜን ተላከ፤ አልተመለሰም። እኔም ሰባት ዓመት የሞላትን ልጄን ይዤ በሱዳን በኩል ወጣሁ።

አትላንታ አንድ ሆቴል የልብስ ማጠቢያ ክፍል ውስጥ አሥራ አራት ዓመት አንሶላ አጥፌአለሁ። ጉልበቴ እምቢ ሲል አጠገቧ ካለችው ከታከር ከተማ ልጄ ቤት ገባሁ። እሷ ባንክ ውስጥ የኮምፒውተር ሥራ ትሠራለች፤ የልጅ ልጄን ከትምህርት ቤት ሲመለስ የምይዘው እኔ ነኝ። ቅዳሜ ከሰዓት ግን የራሴ ነበር። ኖርዝ ድሩይድ ሂልስ፣ ብራያርክሊፍ መንገድ ላይ ካሉት ምግብ ቤቶቻችን አንዱ የኋላውን ክፍል ለቼዝ ተጫዋቾች ለቆ ነበር። ታክሲ የሚነዱ፣ ፓርኪንግ የሚሠሩ፣ ኤርፖርት ሻንጣ የሚጭኑ ሰዎች ይመጣሉ። ሴት እኔ ብቻ ነበርኩ።

ከመካከላቸው ሁሉም የሚያከብሩት አንድ ሰው ነበር። አገር ቤት ሒሳብ ያስተምር ስለነበር መምህር ነው የምንለው። ሌላ ስሙን የሚጠራ የለም። የት እንደሚኖር አላውቅም፤ ከከተማ ወጣ ካለ ቦታ እየነዳ ነበር የሚመጣው። ክርክር ሲነሳ የሚጠየቀው እሱ ነው፤ የሱ ቃል ከተሰማ በኋላ የሚናገር የለም።

በዚያ ዓመት፣ በፈረንጆቹ ሁለት ሺህ ሲገባ ኮምፒውተር ሁሉ ይቆማል ተብሎ ሰው በተጨነቀበት ዓመት ማግሥት፣ ጁላይ ላይ ሐበሻው ለኳስ ሲሰበሰብ የቼዝ ውድድርም እንደሚኖር ተወራ። ከየከተማው አንድ ሰው ይሄዳል። የእኛን ለመለየት ስድስት ቅዳሜ ተጫወትን። መጨረሻ ላይ እኔና አንድ ፓርኪንግ የሚሠራ ጎልማሳ ቀረን። በግማሽ ነጥብ ይበልጠኛል። ካሸነፍኩት የምሄደው እኔ ነኝ፤ አቻ ከወጣን እሱ ነው።

ሦስት ሰዓት ሙሉ ተጫወትን። ሰሌዳው ላይ አምስት ጠጠር ቀረ፤ የእኔ ንጉሥና ሁለት ፈረሶቼ፣ የእሱ ንጉሥና አንድ ጥቁር ወታደር። ወታደሩን በአንደኛው ፈረስ አግጄዋለሁ። ተራው የእኔ ነው። መቶ አለቃውን አስታወስኩት።

"እማማ፣ አቻ ነው እንግዲህ። ይጨብጡኝ" አለ ጎልማሳው እጁን ዘርግቶ።

"ምን ብዬ ነው የምጨብጥህ? ገና ልገድልህ ነው።"

ዙሪያውን የቆሙት ሳቁ። "በምን? በእርግማን?" አለ ታክሲ ነጂው።

"በፈረስ።"

"እማማ፣ እነዚህ ፈረሶች ማረሻ ነው የሚጎትቱት፤ ሰው አይገድሉም!"

ሳቁ ሲበዛ መምህር ከሌላው ጠረጴዛ ተነስቶ መጣ። አልተቀመጠም። ከላይ ሆኖ አንዴ አየት አደረገና "ሁለት ፈረስ ማት አያደርግም። የታወቀ ነው። አቻ" አለ።

"መምህር፣ እሱ እኮ ወታደር አለው። ወታደር ካለው..."

"ወታደር ስላለው ነው እንዴ የሚሸነፈው? ወታደር ባይኖረው ያመልጥ ነበር ሊሉኝ ነው?"

"አዎ! እሱን ነው የምልዎ!"

ከዚያ በኋላ የነበረውን ሳቅ አልጽፈውም። መምህር እጁን ዘርግቶ ሰሌዳው አጠገብ ያለውን የጨዋታ ሰዓት አቆመ። የእኔን ሰዓት፣ በእኔ ተራ፣ ሳልስማማ።

"ይፍቀዱልኝና ልጫወተው" አልኩት። "ካልገደልኩት በራሴ አፍ አቻ እላለሁ።"

"እትዬ፣ የማይሆን ነገር ይዘው ሰው አያድክሙ። የምሳ ሰዓት አልፏል።"

የምሳ ሰዓት አልፏል! ጎልማሳው ጠጠሮቹን ሊሰበስብ ሲል "እንዳትነካ!" ብዬ ጮህኩበት። ቦርሳዬ ውስጥ ከድሮው ሥራዬ የቀረ የልብስ ማጠቢያ ቁራጭ ወረቀት ነበር። ጀርባው ላይ ስድሳ አራቱን ቤት አሰመርኩና አምስቱን ጠጠር በየቦታቸው ጻፍኩ። ያቺን ወረቀት ዳዊቴ ውስጥ አስቀመጥኳት። ጎልማሳው ሄደ፤ በመጀመሪያው ዙር ተሸንፎ ተመለሰ።

ስሜ ግን ተለወጠ። ከዚያ ቅዳሜ በኋላ በሩ ላይ ብቅ ስል "ሁለት ፈረስ መጡ! ወንበር ልቀቁላቸው" ይላል አንዱ። "ጋሪውን የት አቆሙት?" ይላል ሌላው። ክፉ ሰዎች አልነበሩም፤ ሲያመኝ ሾርባ ያመጡልኝ እነሱ ናቸው። ይህን የምለው ሚዛኑ እንዳይጎድል ነው። ግን አንድ ሰው እውነት ተናግሮ በተናገረው እውነት ሲቀለድበት ምን እንደሚሰማው የደረሰበት ያውቀዋል።

ቤት ውስጥም ስለዚሁ ሳወራ ልጄ ሰለቻት። አንድ እሑድ ከኮምፒውተሯ ላይ ሳትነሳ "እማዬ፣ ይሄ የምትይው ነገር እኮ ሶልቭድ ነው" አለችኝ።

"ምንድነው?"

"ኮምፒውተር ጨርሶታል። ሰሌዳው ላይ አምስት ፒስ ብቻ ሲቀር፣ የፈለግሽውን አቀማመጥ ስጪው፣ ማን እንደሚያሸንፍ፣ በስንት ሙቭ፣ ሁሉን ይነግርሻል። ላይክ፣ የሚያከራክር ነገር የለም።"

"አምስት?" አልኳት። ጣቴን አጠፍኩ። ሁለት ንጉሥ፣ ሁለት ፈረስ፣ አንድ ወታደር።

እንዳስረዳችኝ ነገሩ እንዲህ ነው። ኮምፒውተሩ ከማቱ ይጀምርና ወደ ኋላ ይቆጥራል። ከዚህ ማት አንድ እርምጃ በፊት ምን ነበር፣ ከዚያስ በፊት፣ እያለ ሊኖር የሚችለውን አቀማመጥ ሁሉ ይጨርሰዋል፤ ውጤቱንም በትልልቅ ፋይል ያስቀምጠዋል። እንደ መዝገብ ነው፤ መምህርም ሆነ ጄኔራል ሊከራከረው አይችልም። እነዚህን ፋይሎች ደግሞ በየአገሩ ያሉ የቼዝ ወዳጆች በኢንተርኔት ይካፈሉ ነበር።

መጀመሪያ በቤታችን የስልክ መስመር ልናወርደው ሞከርን። ግማሽ ሲደርስ አንዷ ዘመድ ትደውላለች፤ ይቆረጣል። እንደገና ከዜሮ። በአራተኛው ቀን ልጄ "ስልኩን ነቅለሽ ልትውዪ ነው እንዴ? ከሕፃኑ ትምህርት ቤት ቢደውሉስ?" ብላ ተቆጣች፤ እውነቷን ነበር። እንደ እኛ መስመሩ ደካማ ለሆነ ሰው ሌላ መንገድ እንዳለ ያገኘችው ያን ጊዜ ነው። ወዳጆቹ ፋይሎቹን ሲዲ ላይ እየገለበጡ በፖስታ ይላላኩ ነበር። ሁሉም የሚጻጻፉበት አንድ የኢንተርኔት ገጽ አላቸው፤ አንድ ሰው ዝርዝር ይይዛል። በዝርዝሩ ላይ የቅጽል ስምና ከተማ ብቻ ነው ያለው። ሕጋቸው አንድ ነው፤ ሲዲ የደረሰው ሰው ሁለት ገልብጦ ከእሱ ቀጥሎ ላሉት ለሁለቱ ይልካል።

ልጄ ይህን ስታነብልኝ ወዲያው ገባኝ። ጽዋ ነው። በማኅበራችን ዛሬ ጽዋውን የተቀበለ ሰው በተራው ይደግሳል፤ ተቀብሎ የቀረ የለም። ሲዲም ጽዋ ቢሆን ምን ችግር አለው? "ጻፊኝ" አልኳት።

የመጀመሪያውን መልእክት እኔ በአማርኛ አልኩ፣ እሷ በእንግሊዝኛ ጻፈች። አትላንታ አጠገብ ያለሁ አሮጊት ነኝ፤ በሁለት ፈረስ አንድ ወታደር ያለውን ንጉሥ ልገድል ስል ዳኛ ሰዓቴን አቆመብኝ፤ እውነቱን ማወቅ እፈልጋለሁ፤ ተራዬን እጠብቃለሁ፤ ሲደርሰኝም ለሁለት ሰው እልካለሁ። የዝርዝሩ ሰው በደስታ ተቀበለኝ። ሲዲ የያዘ ቅርብ ሰው አለ አለኝ፤ ኮንየርስ፣ ጆርጂያ። የቅጽል ስሙ ቁጥር ብቻ ነበር። በቅርቡ ደርሶታል፤ ከእሱ ቀጥሎ ታከር፣ ማለት እኔ። ኮንየርስ በመኪና የግማሽ ሰዓት መንገድ ነው። ደስ አለኝ፤ ለፖስታ ቤቱ ሰውዬ ሁሉ ተናገርኩ።

አንድ ወር ጠበቅኩ። ሦስት ወር ጠበቅኩ። ስንጠይቅ "ኮንየርስ ሲዲው አልነበብ ብሎታል፤ እባክዎ ይታገሱ" ተባልኩ። ሲዲው ካልተነበበ ለምን ለላከለት ሰው አይመልሰውም? ለምን ለእኔ ሁለት መስመር አይጽፍልኝም? በየሳምንቱ መጻፍ ጀመርኩ። በኋላ ልጄን ማስጻፍ ተውኩ፤ እሷ ስትጽፍ ሁሉ ነገር ይለሰልሳል። ሆቴል ውስጥ በተማርኩት እንግሊዝኛ በራሴ ጣት፣ አንድ ፊደል አንድ ፊደል እያልኩ ጻፍኩ። ኮንየርስ በላ፣ አላበላም ብዬ ጻፍኩ። ስሙ ላይ ምልክት ይደረግበት ብዬ ጻፍኩ።

አንዱ "እመቤት፣ ይህ ሁሉ እኮ በነፃ ነው፤ ለምን ይቆጣሉ?" ብሎ መለሰልኝ።

"በነፃ ስለሆነ ነው ተራው መከበር ያለበት" አልኩት። ከዚያ በኋላ ብዙዎቹ አይመልሱልኝም ነበር። ፈረንጅ ሲሰለቸው አይሳደብም፤ ዝም ነው የሚለው።

ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ ብራያርክሊፍ መሄዴን አልተውኩም። "ሁለት ፈረስ፣ ኮምፒውተሩ ምን አለ?" ይሉኛል፤ እንደምጠብቅ ነግሬአቸው ነበርና። "ኮምፒውተሩ ገና ገብስ እየበላ ነው!" ይላል ታክሲ ነጂው። ሁሉም ይስቃል። አንድ ነገር ግን አስተዋልኩ። መምህር መሳቁን ተወ። ቀልዱ ሲጀመር ዓይኑን ሻዩ ላይ ይተክላል፤ አንዳንዴም ተነስቶ እጁን ሊታጠብ ይሄዳል። ጨዋነት መሰለኝ። እንደፈረደብኝ ባውቅም የሚቀልድብኝ እሱ ባለመሆኑ ልቤ ለሰለሰለት። ለፋሲካ ድፎ ዳቦ ጋግሬ ለብቻው ወሰድኩለት። "እርስዎ ስለማይስቁብኝ ነው" አልኩት። በሁለት እጁ ተቀበለኝ፤ አንገቱን ደፋ። አመሰገንኩት እኮ! ይህን ስጽፍ እንኳ ፊቴ ይግላል።

እንዲህ እንዲህ እያለ ሁለት ዓመት ሊሞላው ሆነ። በመጨረሻ የዝርዝሩ ሰው ታከተው መሰለኝ፣ ከኮንየርስ ሥር አውጥቶ በረዶ አገር ላለ ጡረታ የወጣ ፖስተኛ ሰጠኝ። በአሥራ ሁለት ቀን ውስጥ ሲዲው ደጃፌ ላይ ነበር፤ በካርቶን ተጠቅልሎ፣ በጋዜጣ ታሽጎ። "ረጅም ጊዜ ጠበቁ፤ ይቅርታ" የሚል ወረቀት አለበት። ይቅርታ የጠየቀኝ ምንም ያላጠፋው ሰው ነው።

እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ልጄ ሲዲውን ከተተችው። ወረቀቴን ከዳዊቱ አወጣሁ። አምስቱን ጠጠር አንድ በአንድ ነገርኳት፣ አንድ በአንድ አስቀመጠች። ተራው የነጭ።

"ነጭ ያሸንፋል" አለች ልጄ። "በአርባ አራት እርምጃ ማት።"

"እንደገና አስቀምጪው። ተሳስተሽ ይሆናል።"

እንደገና አስቀመጠች። አርባ አራት። አቀፈችኝ። "እማዬ፣ ልክ ነበርሽ! አይ ካንት ቢሊቭ ኢት!"

እኔ ሳቅም ለቅሶም አልመጣልኝም። ስክሪኑ ጎን ላይ ሌላ ዝርዝር አየሁ። "ያ ምንድነው?" አልኳት። ልሄድ የምችለው እርምጃ ሁሉ እያንዳንዱ ወዴት እንደሚያደርስ ነው አለችኝ። የመጀመሪያው የንጉሥ እርምጃ ነው፤ ቼክም የለው፣ ጫጫታም የለው፤ አሸናፊው እሱ ነው። እኔ ግን ያን ቀን ልቤ ውስጥ የነበረው ሌላ ነበር። በተፈታው ፈረስ ቼክ ልል ነበር። ጣቴን ዝርዝሩ ላይ እያስኬድኩ ፈለግኩት። አቻ ይላል። ያን ፈረስ ብነካው ጨዋታው በራሴ እጅ ያመልጠኝ ነበር።

ለልጄ ነገርኳት። "እና ማን ያውቃል?" አለችኝ። "አልነካሽውም እኮ። ዝም በይ በቃ፣ ዊን ነው።"

ማንም አያውቅም። እኔ አውቃለሁ።

ሲዲው ከደረሰኝ በኋላ ተራው የእኔ ነው። ሁለት ባዶ ሲዲ አስገዛኋትና ልጄ ገለበጠችልኝ፤ እያንዳንዱ ፋይል ሳይጎድል መግባቱን አንድ በአንድ ቆጠርኩ፤ እንደ ክበቡ ጠጠር። ለማን እንደምልክ የዝርዝሩን ሰው ጠየቅኩት። አንዱ አላባማ ላለ የትምህርት ቤት ዘበኛ። ሁለተኛው፣ ሲዲው የተበላሸበትና ለእኔ ቅርብ የሆነው ሰው፤ ኮንየርስ።

"ኖ ዌይ!" አለች ልጄ። "ሁለት ዓመት አስጠብቆሽ አሁን አንቺ ልትልኪለት? ይቅርበት!"

"ተራው ነው" አልኳት። "እሱ ተራ ስላበላሸ እኔ ላበላሽ?"

አድራሻ ተላከልኝ። ስሙ በእንግሊዝኛ ሁለት ፊደል ብቻ ነበር፤ ምንም አልነገረኝም። በፖስታ ልልከው እችል ነበር። ግን የዚያን ሰው ፊት ማየት ፈለግኩ። ተቀብሎ የማያስተላልፍ ሰው ምን እንደሚመስል ማወቅ ፈለግኩ። መንገድ ላይ የምለውን በእንግሊዝኛ አጠናሁ። ልጄ ቅዳሜ ጠዋት ነዳችኝ። የጭነት መኪና ከተደረደረባቸው መጋዘኖች አልፈን፣ ከኋላ ካለ የአፓርታማ ግቢ ውስጥ ፓርክ አደረገች። "አምስት ደቂቃ፣ እማዬ" ብላ ሞተሩን ሳታጠፋ ቀረች።

አንኳኳሁ። በሩን የከፈተው መምህር ነበር።

የቤት ነጠላ ጫማ አድርጓል፤ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎታል። እኔን አየ፣ እጄ ላይ ያለውን ፖስታ አየ። ያጠናሁት እንግሊዝኛ ከአፌ ጠፋ።

"በፖስታ ይመጣል ብዬ ነበር" አለ። አልደነገጠም።

"ታከር እኔ መሆኔን ያውቁ ነበር ማለት ነው።"

"ከመጀመሪያው መልእክትዎ ጀምሮ። ስለ ፈረሶቹ የጻፉት። ይግቡ፣ እትዬ፣ በር ላይ አይቁሙ።"

"አልገባም። ሲዲው አልነበብ ብሎ ነው?"

"መኪና ውስጥ ትቼው ፀሐይ አጣመመው። ይህን አልዋሸሁም።"

"ከመጣመሙ በፊትስ አይተውታል?"

መነጽሩን ከግንባሩ አወረደ፤ መልሶ አወለቀው። "አይቼዋለሁ።"

"መቼ?"

"በደረሰኝ ቀን። አቀማመጡ ከአእምሮዬ አልወጣም ነበር። ኮቴን ሳላወልቅ።"

"ምን አለ?" አልኩት። አውቀዋለሁ፤ ከእሱ አፍ ልሰማው ፈልጌ ነው።

"አርባ አራት።"

ልጄ ክላክስ ነካ አደረገች። ፖስታውን ሰጠሁት። በሁለት እጁ ተቀበለኝ፤ እንደ ዳቦው። ብዙ ልለው የምችለው ነገር ነበር። በየቅዳሜው የተሳቀብኝን ሳቅ አንድ በአንድ ልቆጥርለት እችል ነበር። ግን እኔም ሳልናገር የያዝኩት ነበረኝ፤ እሱን ይዤ በሰው መፍረድ አልሆነልኝም።

"መምህር" አልኩት፣ "ያን ቀን ሰዓቱን ባያቆሙት ኖሮ በፈረስ ቼክ ልል ነበር። ሲዲው አቻ ነው ይለዋል። በራሴ እጅ ላበላሸው ነበር። ይህን ካወቅኩ ሁለት ሳምንቴ ነው፤ ከዚህ በላይ ይዤው መክረም ስላልቻልኩ ነው የምነግርዎ። አሁን ተራው የእርስዎ ነው። ለምን ዝም አሉ?"

ፖስታውን አገላበጠው። ከውስጥ የሬዲዮ ድምፅ ይሰማ ነበር። ሲናገር ወደ እኔ አላየም።

"የመጀመሪያው ቅዳሜ ልነግርዎ ብዬ ነበር የመጣሁት" አለ። "ሰው በዝቶ ነበር፤ አፈርኩ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ደግሞ ባለፈው ዝም በማለቴ አፈርኩ። ከዚያ ዳቦውን አመጡልኝ።"